ቴታነሽ፦ ዓይን ኤል ረማነህ ላይ የወጣ ስም

ከእናንተ ምን እደብቃለሁ፣ ዛሬ ሰው ቤት አፍሬ መጣሁ። አራስ ልጠይቅ እዚሁ ሊባኖስ፣ ዓይን ኤል ረማነህ የሚባለው ሰፈር ሄጄ "ልጅቷን ማን አላችኋት?" ስል፣ እናትየዋ ሰብለ "ቴታነሽ" አለችኝ። ሳቄ አመለጠኝ። የሳቅሁት ደግሞ ብቻዬን ነበር!

ቴታ በሊባኖሶቹ አፍ አያት ማለት ነው። ሰብለ እሱን ከእኛ "ነሽ" ጋር ገጣጠመችው። አያት ነሽ የተባለች፣ ገና አንገቷ ያልጠና ልጅ ሰምታችሁ ታውቃላችሁ?

ነገሩ እንዲህ ነው። ሰብለ ምጥ ሲይዛት፣ የመኖሪያ ወረቀት ስለሌላት ሆስፒታል መሄድ ፈራች። ምድር ቤት የሚኖሩት ሊባኖሳዊት አሮጊት፣ ሰፈሩ ሁሉ ቴታ የሚላቸው፣ ታክሲ አስቁመው ወሰዷት። ሆስፒታሉ በር ላይ "ማን ናት?" ሲባሉ "ቢንቲ! ልጄ ናት፣ ኸላስ፣ በቃ!" ብለው እስክትወልድ ከአጠገቧ አልተነሱም።

እዚያው እያለሁ የሰብለ እናት ከደሴ ደወሉ፤ ድምፃቸው ለሁላችንም ይሰማል።

"ለልጅ ልጄ የአረብ ስም? በእናቴ ስም ጥሪያት አላልኩሽም?"

ሰብለ ልጅቷን ወደ ደረቷ አስጠጋች። "እማዬ፣ ያን ቀን አንቺን ነበር የምጣራው። የደረሱልኝ እሳቸው ናቸው።"

 እናትየዋ "ሴትዮዋን አገናኚኝ" አሉ።

ቴታ አጠገባችን ነበሩ። ያኒ፣ ማለቴ፣ አንዷ በአማርኛ፣ አንዷ በዓረብኛ፣ ሳይግባቡ ሲመራረቁ ብታዩ! በመጨረሻ እናትየዋ "በይ ቴታነሽን ሳሚልኝ። ለሴትዮዋም በርበሬ እልካለሁ" አሉ።

በስደት እንዲህ የተወለደ ስም እናንተም ጋ ካለ ጻፉልኝ። እኔ በርበሬው ሲደርስ ቴታ ቤት ነኝ፤ ማን እንዳለቀሰ እነግራችኋለሁ።