ማቆሚያ የሌለው ጆይስቲክ

በወላይታ ሶዶ ከተማ፣ ምናልባትም ከዳሞታ ተራራ እስከ አባያ ሐይቅ ባለው አገር ሁሉ፣ ቲቪ ጌምን መሃል ላይ ቀጥ አድርጎ የማቆምን ጥበብ ከእኔ ቀድሞ የተረዳ ሰው አልነበረም። ይህን ስል ማንንም አልፈራም። ሰሞኑን በባጃጅ ሳልፍ ከአንድ ጌም ቤት መጋረጃ ጀርባ ያቺ የማቆሚያ ድምፅ፣ «ቱሩሩት» የምትለዋ፣ ተወርውራ መጥታ ጆሮዬ ውስጥ ስትገባ፣ ሹፌሩን አስቁሜ፣ ከኋላ የመጣው ሞተረኛ እስኪሰድበኝ ድረስ ያዳመጥኩትም ለዚህ ነው። እውነቱን ለመናገር ግን ጥበቡን ተረዳሁት አልኩ እንጂ ሠራሁበት አላልኩም። በልጅነቴ ያቺን የማቆሚያ ቁልፍ በጣቴ የነካኋት አንድ ቀን ብቻ ነው፤ እሱንም በስርቆት።

ነገሩ የጀመረው በክረምት ነው። የሶዶ ክረምት፣ ለማያውቀው ልንገረውና፣ ሰኔ ላይ የጀመረውን ወሬ መስከረም ላይ የሚጨርስ ዝናብ ነው፤ ዳሞታም ጋቢውን እስከ አፍንጫው ተከናንቦ ሦስት ወር ሙሉ ፊቱን አያሳየንም ነበር። በዚያ ዝናብ የአክስቴ ልጅ ናትናኤል፣ ወላጆቹ በሥራ ዝውውር ሩቅ አገር ሄደው እስኪደላደሉ ድረስ እኛ ቤት ሊቀመጥ ከአዲስ አበባ መጣ። እንደ እኔው አሥራ ሁለት ዓመቱ ነበር። በአንድ እጁ ሻንጣ፣ በሌላው በላስቲክ የተጠቀለለ ካርቶን ይዞ ነበርና፣ ሻንጣው በዝናብ በስብሶ ካርቶኑ ግን ጠብታ ሳይነካው መግባቱን ሳይ፣ ልጁ ገና እግሩን ሳይጠርግ እንደምቀናበት አወቅኩ።

ካርቶኑ ውስጥ የነበረው ቲቪ ጌም ነው፤ ከቴሌቪዥን ጋር የሚገጠም፣ ካሴት የሚጎርስ፣ ሁለት ጆይስቲክ በገመድ የተንጠለጠለበት። አንደኛው ጆይስቲክ መሃሉ ላይ ትንንሽ የጎማ ቁልፎች ነበሩት፤ «ስታርት» የምትባለው ጌሙን የምታስጀምረውም የምታቆመውም እሷ ነበረች። ሁለተኛው ግን መሃሉ መላጣ ነበር። መሮጥ ይቻላል፣ መዝለል ይቻላል፣ ማቆም ግን የለም። ፋብሪካው ሶዶ ውስጥ እኔ የምባል ልጅ መኖሬን አስቀድሞ ሰምቶ፣ ለእኔ ብሎ ቀንሶ የሠራው ይመስለኝ ነበር።

«ስታርትን አንዴ ስትጫን ይቆማል» አለ ናቲ እንደ መምህር ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «ደግመህ ስትጫን ካቆመበት ይቀጥላል። እጅህ ከተንቀጠቀጠና ሁለቴ ከነካህ ግን አልቆመም ማለት ነው፤ ትሞታለህ።»

«እስቲ ልሞክር።»

«ያንተ ላይ የለማ።»

«ያንተን ስጠኛ።»

«የኔ እኮ የኔ ነው።»

መላጣውን ይዤ ቁጭ አልኩ።

በዚያ ክረምት እናቴ በቀን መቶ ጊዜ ትጠራኝ ነበር። «ጳውሎስ! እንጨቱን ከዝናብ አስገባ!» «ጳውሎስ! ጥጃዋ ተፈታች!» ናቲ እንግዳ ስለሆነ አይጠራም። «አቁምልኝ፣ መጣሁ!» ብዬ ስሮጥ «እሺ፣ እሺ» ይልና፣ ጥጃዋን አስሬ፣ ጭቃዬን አራግፌ ስመለስ የጌም ሰውዬዬን ጉድጓድ ውስጥ አገኘው ነበር። «ዘገየህ፣ ሞትክ» ይለኛል፣ የለቅሶ ቤት ድምፅ አውጥቶ።

መስከረም ጠብቶ የእኛ የወላይታዎች ዘመን መለወጫ፣ ጊፋታ፣ ሲደርስ ዝናቡ አባራ፤ የእኔ ነገር ግን ባሰበት፤ አባቴ ገባበት። አባቴ የሒሳብ መምህርና የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ ነበር፤ እሱ ሲያስነጥስ የሰፈሩ ልጅ ሁሉ የማባዣ ሰንጠረዥ መቁጠር ይጀምር ነበር። በበዓሉ ዕለት ሥጋው በዳጣ ተበልቶ፣ እንግዳው ተሸኝቶ ሲያበቃ፣ አባቴ ጠግቦና ተዝናንቶ ናቲ አጠገብ ቁጭ አለና «ይኼ ደግሞ ምን ይሠራል?» ብሎ ሁለተኛውን፣ የእኔን፣ መላጣውን አነሣ። አሥራ ስድስት ጊዜ ጉድጓድ ገባ። በአሥራ ሰባተኛው ዘለለና «ሎኦ! ሎኦ!» ብሎ ሳቀ። ሎኦ በእኛ ቋንቋ ግሩም ማለት ነው፤ አባቴ ግን ይህችን ቃል እንደ መቶ ማርክ ቆጥቦ የሚሰጥ ሰው ነበር፤ እስከዚያ ቀን ለእኔ ያላት ሁለቴ ሲሆን፣ አንደኛዋም ለእኔ ትሁን አጠገቤ ለቆመው በሬ አልተለየም። አባቴ ጥርስ እንዳለውም በእርግጠኝነት ያረጋገጥኩት ያን ቀን ነው።

ከዚያ ወዲያ ከትምህርት ቤት ሲመለስ ኮቱን ሳያወልቅ ናቲ አጠገብ ይቀመጥ ነበር። ደጅ ላይ አንዱ «ቤቶች!» ሲል ናቲ ስታርትን ይጫናል። ቱሩሩት። ሁለቱ ሰውዬዎች አየር ላይ ተንጠልጥለው ይቀራሉ። «ጋሼ፣ አቁሜዋለሁ፤ ተረጋግተው ይምጡ» ይለዋል። አባቴ ወጥቶ፣ የተጣላ አስታርቆ፣ ጸልዮ፣ ሸኝቶ ሲመለስ ሰውዬው እዚያው አየር ላይ፣ አንድ እግሩን እንዳነሣ ይጠብቀዋል። ናቲ ሽንት ቤት ሲሄድ ደግሞ አባቴ በተራው፣ ያ ለተማሪ ግማሽ ደቂቃ የማይጨምረው ሰውዬ፣ እጁን አጣጥፎ እስኪመለስ ይጠብቀው ነበር።

እኔን ያንገበገበኝ ይህ ነው። ቲቪ ጌሙ ሳይሆን መጠበቁ። ለእኔ ምንም ነገር ቆሞ አያውቅም ነበር። እራት አይቆምም፤ ዘግይቼ ከገባሁ የሚጠብቀኝ የቆጮው ጠርዝ ነው። ጸሎት አይቆምም፤ ዘግይቼ ከተንበረከክሁ የምደርሰው «አሜን» ላይ ነው። አባቴ አንድ ቀን፣ አንዲት ቀን ብቻ፣ እጁን አጣጥፎ እኔን ሲጠብቅ ባይ፣ ጥጃዋ ዓመቱን ሙሉ ብታሯሯጠኝም ግድ አልነበረኝም።

በበጋው ያልሞከርኩት የለም። በሒሳብ ዘጠና አራት አምጥቼ፣ ወረቀቱን እንደ ባንዲራ እያውለበለብኩ ገብቼ በአባቴና በቴሌቪዥኑ መሃል ቆምኩ። አንገቱን በጎኔ አሹልኮ እያየ «ስድስቷስ የት ሄደች?» አለኝ፤ ቀጥሎም «ዞር በልልን እስቲ፣ ጉድጓድ ልንገባ ነው።» ወባ ይዞኛል ብዬም ሦስት ቀን ተኛሁ። ያተረፍኩት እናቴ ጨምቃ ያጠጣችኝን ዳማ ከሴ ነው፤ እሱን እየተጎነጨሁ ከሳሎን «ሎኦ!» ሲባል እሰማ ነበር። አንድ ጊዜ እንኳ «ልጁ እንዴት ዋለ?» ሊል መጥቶ ነበር፤ ግንባሬን ዳሰሰና ከመኝታ ቤቱ በር ላይ «ናቲዬ፣ አቁመኸዋል አይደል?» አለ። ትኩሳቱ ያን ጊዜ የእውነት መጣ።

የበልጉ ዝናብ ሲጀምር፣ በቆሎ በሚዘራበት ሰሞን፣ ሁለቱ መጨረሻው ደረጃ ላይ ደረሱ። የዚያን ጊዜ ጌም የደረስክበትን አያስታውስም፤ ማሽኑ ከጠፋ ሁሉም ከዜሮ ነው። ለእያንዳንዳቸው የቀረቻቸውም አንዲት ነፍስ ብቻ ነበረች። አንድ ቅዳሜ ጠዋት የመጨረሻውን የእሳት ገደል ሊዘሉ ሲሉ ሁለት ሰዎች ከሻንቶ መጡ፤ በመሬት ድንበር የተጣሉ ወንድማማቾች ለእርቅ ተቀምጠዋል፣ አባቴ ካልመጣ አይሆንም። ቱሩሩት። «እስክመለስ ማንም እንዳይነካው፤ አብረን ነው የምንጨርሰው» ብሎ ሄደ። ናቲ ቴሌቪዥኑን ብቻ አጥፍቶ ማሽኑን እንደበራ ተወው። እናቴ ካውያ እንዳትሰካ ተለመነች። ሳይጸለይበት የሚሄደው የሶዶ መብራት፣ እንዲሄድ ከልቤ ስጸልይበት ዓይኑን ሳያርገበግብ ዋለ።

ከሰዓት በኋላ ናቲ ለልጆች መዘምራን ልምምድ፣ እናቴ ወደ ገበያ ሄዱ። ክፋት አላሰብኩም፤ ማለቴ፣ ያሰብኩት ክፋት ትንሽ ነበር። ቴሌቪዥኑን አበራሁ። ሁለቱ ሰውዬዎች ከእሳቱ በላይ ተከታትለው ተንጠልጥለዋል። አንደኛውን ጆይስቲክ አነሣሁ። ያቺ የጎማ ቁልፍ እንደ ሕፃን ጆሮ ለስላሳ ነበረች። ሐሳቤ አንዴ ማስጀመርና ወዲያው ማቆም፣ ጣቴም ለአንድ አፍታ ሹመት አይታ እንድትመለስ ነበር። ተጫንኩ። ላቆም ደግሜ ስጫን እጄ ተንቀጥቅጦ ሁለቴ ነካሁ። መጀመሪያ የናቲ ሰውዬ፣ ተከትሎ የአባቴ ሰውዬ እሳቱ ውስጥ ገቡ። ሦስት ሰከንድ አልፈጀም። ማሽኑ የሐዘን ሙዚቃውን ለቀቀ፣ እኔም አብሬው። ከዚያ በጓሮ በኩል ሮጬ ሄጄ ቆጣሪው ላይ ያለውን ማጥፊያ ቁልቁል ሳብኩት። መብራት ሄደ። ጸሎቴ ተሰማ ማለት ይቻላል።

አሥራ አንድ ሰዓት ላይ አባቴ የእርቁን ምግብ እንኳ ሳይቀምስ፣ እስከ ጉልበቱ ጭቃ ሆኖ ከሻንቶ ደረሰ፤ ናቲም ከልምምድ ሲሮጥ መጥቶ በር ላይ ተገናኙ።

«መብራት ሄደ» አልኩ፣ ማንም ሳይጠይቀኝ።

ናቲ በረንዳው ላይ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። እናቱ የሄደች ጊዜ እንኳ ሲያለቅስ አላየሁትም ነበር። አባቴ ግን ጆሮውን ወደ አጥሩ አዞረ። ከአጥሩ ወዲያ በመብራት የሚሠራው የጎረቤታችን ወፍጮ፣ «ዱግ ዱግ ዱግ» እያለ የሰፈሩን በቆሎ ያደቅቃል። ክንዴን ያዘና ወደ ቆጣሪው ወሰደኝ።

«ይሰማሃል?»

«ምኑ?»

«ወፍጮው።»

«አዎ።»

«በምንድነው የሚፈጨው?»

በእግሬ ጣት ጭቃውን ጫር ጫር አደረግኩ።

«አንተ እኮ ሒሳብ ዘጠና አራት ያመጣህ ልጅ ነህ!»

ማርኬን አለመርሳቱ ነው መሰለኝ፣ እንባዬ መጣ። ልነግረው የፈለግኩት ሌላ ነገር ነበር፤ ከአፌ ሾልካ የወጣችው ግን «ናቲ ለእኔ አያቆምልኝም» የምትል ብቻ ነበረች። አባቴ ማጥፊያውን በገዛ እጁ ወደ ላይ መለሰና፣ ያ ውሸት ሲሰማ ጆሮውን የሚያመው ሽማግሌ፣ ወደ ቤቱ ዞሮ «ናቲዬ፣ መብራት መጣ!» ብሎ ጮኸ።

እራት ላይ ፍርድ ሰጠ። «ናትናኤል፣ ከዛሬ ጀምሮ ጳውሎስ ሲጠራ ታቆምለታለህ። ጳውሎስ፣ አንተም የሌላውን አትነካም። አለቀ፤ ተሳሳሙ።» ቀን የሻንቶዎቹን ድንበር ያካለለበት ድምፅ ነበር። ናቲም ፍርዱን አከበረ፤ እናቴ ስትጠራኝ ያቆማል፣ ሳስነጥስ ያቆማል፣ አፍንጫዬን ስነካ ያቆማል። በሶዶ ታሪክ የእኔን ያህል ጌም የቆመለት ልጅ የለም። አባቴ ግን ክሱ ተዘጋ ብሎ፣ የእኔን ጆይስቲክ አንሥቶ ከናቲ ጋር ከአንደኛው ደረጃ ጀመረ። የጠየቅኩት የናቲን ማቆም ሳይሆን የእሱን መጠበቅ መሆኑን ዳኛው አልደረሰበትም፤ ከሳሹም አፍ አልነበረውም።

ክረምቱ ዞሮ ሲመጣ ወላጆቹ አስጠሩትና ናቲ ካርቶኑን አቅፎ ሄደ። ሻንጣውን እስከ መናኸሪያ በራሴ ላይ ተሸክሜ የሸኘሁት እኔ ነበርኩ፤ ያዩኝ ሁሉ ደጉ ልጅ ብለው መረቁኝ። አሁን ቦታው ባዶ ነው ብዬ አባቴ አጠገብ ቁጭ አልኩ። አባቴ ባዶውን ቴሌቪዥን ጥቂት ቀን አየና ወደ ሬዲዮው ዞረ። «ናቲ ደብዳቤ አልጻፈም?» ይለኝ ነበር፣ ዜናው ሲያልቅ።

ዛሬ አባቴ ጆሮው ከብዶ፣ በከዘራ እየተደገፈ እኔ ቤት ይኖራል። የአሥራ አንድ ዓመቷ ልጄ ማርታ አዲሱን ጌም አስተምራዋለች። የዘንድሮ ጆይስቲክ ገመድ የለውም፣ መላጣም የለበትም፣ ሁሉም ያቆማል፤ ማሽኑም የደረስክበትን ሳትነግረው ያስታውሳል። እኛ አንዲት ቁልፍ ለሁለት አጥተን ስንራኮት፣ እነሱ ተርፏቸው ይኖራሉ። አባቴ ሽንት ቤት ደርሶ ለመመለስ ሩብ ሰዓት ይፈጅበታል፤ ማርታ «አባባ፣ ቀስ በል፣ አቁሜዋለሁ» ትለውና እጇን አጣጥፋ ትጠብቀዋለች። እሷ ስትነሣም እሱ ይጠብቃታል።

ባለፈው ክረምት ማርታ ዳቦ ልትገዛ ወጣ እንዳለች ቦታዋ ላይ ቁጭ አልኩ። አርባ ሰባት ዓመቴ ነው፤ በመሥሪያ ቤት ማኅተም የሚያዘው በእኔ እጅ ነው፤ እንደ ሌባ ግን በሩን አየት አደረግኩ። ጆይስቲኩን አንሥቼ ጨዋታውን አስቀጠልኩ። አባቴ ዞር ብሎ አየኝና፣ ቦታ ተሳስቶ የተቀመጠ እንግዳ በሚነገርበት ትሕትና፣ «ማርታ እስክትመጣ አቁመው» አለኝ። አቆምኩት። እጁን አጣጥፎ በሩን ያይ ጀመር።

ማርታ ዳቦውን ይዛ እየሮጠች ስትገባ «በይ በቃ፣ ግቢና ጥናትሽን አጥኚ» ብዬ ወደ ክፍሏ ሰደድኳት። ትምህርት ቤት ከተዘጋ ሁለት ሳምንት ሆኖት ነበር።