ሟች ሳይኖር የተነፋ ጥሩንባ

ስጦታ አገኘሁን ዳባት ላይ የማያውቃት አልነበረም። በሰማንያዎቹ አጋማሽ ለኪነት ቡድን ልጆች ሊመለምል የመጣ ሰው ትምህርት ቤት ስትዘፍን ሰምቶ ጎንደር ወሰዳት። ኋላ በአንድ ተውኔት ልጇ የሞተባትን እናት የምትሆን ሰው ሲጠፋ እሷ ገባችበት፤ ከዚያ ወዲያ አልቃሽ በተፈለገ ቁጥር የምትጠራው ስጦታ ሆነች። አባቷን በግ ነጋዴውን አገኘሁን ሰዎች «ልጅህ አዝማሪ ሆነች» እያሉ ነገር ሲፈልጉት፣ «ሰርቃ እንደሆን ንገሩኝ» ይል ነበር።

አገኘሁ በ1991 ዓ.ም. ክረምት ድንገት ሞተ። ቡድኑ መተማ ነበር፤ መርዶው የደረሳት መጋረጃው ሊከፈት ሲል ነው። ሕዝቡ ትኬቱን ቆርጦ ተቀምጧል፣ የሚተካት የለም፤ ሠራችው። መንገዱን ጎርፍ ቆርጦት ዳባት ስትደርስ ድንኳኑ ተነቅሏል። እንባዋ መድረክ ላይ አልቆ ስለነበር ማልቀስ አቃታት። ሰው ለማማት አያንስም፤ ጎረቤቷ ወይዘሮ እየሩስ «ለባዳ አልቅሳ ለአባቷ እንባ አጣች» አለች፤ ነገሩ በአንድ ቀን ከተማውን አዳረሰ። አጠገቧ የተቀመጠ ሰው አልነበረም። ስጦታ ክፉኛ ከፋት፤ ከዚያ በኋላ ዳባትን አልረገጠችም።

የመድረክ ጩኸት ጉሮሮዋን ጨረሰው። ድምፅዋ ሲዘጋ ባሕር ዳር ለቴሌቪዥን ድራማ ረዳት አዘጋጅ ሆና ገባች። መጀመሪያ ላይ ተዋናዮቹን የኋላው ወንበር ይስማ እያለች ታስጮኻቸው ስለነበር፣ እንግዳው የሚባል ካሜራ አንሺ «እዚህ የኋላ ወንበር የለም» እያለ ይስቅባት ነበር። ተማረች፤ ዋና አዘጋጅም ሆነች። በ2005 ዓ.ም. የራሷን ድራማ ስትይዝ፣ ድራማው ውስጥ ያለው ቀብር የሚቀረጸው ዳባት ነው ብላ ድርቅ አለች። ለካሜራ የሚሆን ዳገትና ጽድ ሌላም ቦታ አይጠፋም። የፈለገችው የአገሯ ሰው ደጁን መልሶ እንዲከፍትላት ነበር።

ሳተች። ባዶ ሣጥን አሠርታ፣ ለከተማው ሰው ድራማ ነው ብላ አስነግራ፣ የእድሩን ጥሩንባ ነፊ ማልዶ እንዲነፋ አደረገችው። ጥሩንባ ግን ከተማ ላይ አያበቃም። የገጠሩ ሰው ሰምቶ አጨዳውን ትቶ፣ ነጠላውን አዘቅዝቆ፣ ደረቱን እየመታ መጣ። ባዶውን ሣጥን ከቦ አምርሮ አለቀሰ፤ እንግዳውም በደስታ ይቀርጻል። ውስጡ ሬሳ እንደሌለ ወሬው ሲደርስ ለቅሶው ቆመ፤ ሰዉ ሁሉ እሷን ያያት ጀመር። በከተማ ኑሮ ብዛት ጥሩንባ መጫወቻ አለመሆኑን ረስታለች።

የእድሩ ዳኛ አያ ይግዛው በትራቸውን ይዘው ወደ እሷ መጡ። ስጦታ እግራቸው ላይ ወደቀች፤ ድንጋይ ተሸከሚ ቢሏት ትሸከም ነበር።

«የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም፤ እንባም እንደዚያው ነው» አሉ። «ያለ ሟች ማልቀስ ደግሞ ለአገር ደግ አይደለም። ባለቤት እንፈልግለት። አገኘሁን በወጉ ቀብረነዋል፤ ልጁን ግን አላስተዛዘንናትም። ተቀመጪ።»

«አያ ይግዛው፣ እኔ እኮ አጥፍቼ...»

«እኛም አጥፍተናል፤ ተቀመጪ ልጄ። ዛሬ አልቃሾቹ እኛ ነን።»

መሬት ላይ ተቀመጠች። የአገኘሁ ስም ሲጠራ ለቅሶው እንደገና ተነሣ። እንግዳው ካሜራውን ወደ እሷ ሲያዞር በእጇ አስቆመችው። ከዚያም በተዘጋው ጉሮሮዋ አባቷን ጠራች። መድረክ ላይ ቢሆን የሚያስቅ ድምፅ ነበር፤ ንፍጧ ከእንባዋ ጋር ወረደ፣ አልጠረገችውም። ወይዘሮ እየሩስ መጥታ አጠገቧ ተቀመጠች፤ ያረጀ እጇን ትከሻዋ ላይ ጣለች።

አመሻሹ ላይ እንግዳው ደባርቅ የያዙት ሆቴል እንዳያልፋቸው ሰግቶ፣ መቼ እንነሣለን ብሎ ሊጠይቅ ወደ አገኘሁ ቤት መጣ። በሩ ላይ ያገኘው ወይዘሮ እየሩስን ነው።

«ልጃችን ሐዘን ላይ ናት፤ ሣልስቱ ሳይወጣ የትም አትሄድም» አለችው። «እናንተም ግቡና እህል ቅመሱ።»