ከየዚዲዋ እናት ጋር ልጇን ልንቀበል

መነሻ፦ ክሬሰንት ታውን

በፈረንጆቹ 2019 ሚያዝያ፣ በረዶው ቀልጦ ሣሩ ገና ባላገገመበት ሰሞን፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት ቶሮንቶ ካለው ሰፈራችን ከክሬሰንት ታውን ተነሳን። የምንሄደው የጎረቤቴን የጉሌን ልጅ ከኤርፖርት ተቀብለን፣ ለንደን ወደሚኖሩት አያቷ ለመውሰድ ነው። ለንደን ስል የእንግሊዟን አይደለም፤ ከቶሮንቶ በስተምዕራብ በመኪና ሁለት ሰዓት ያህል የምታስኬደውን የኦንታሪዮዋን ከተማ ነው። የዚዲ የሚባሉ የኢራቅ ስደተኞች ብዙዎቹ የሰፈሩት እዚያ ነው። በማግስቱ ረቡዕ ደግሞ አዲስ ዓመታቸው ነበር።

ጉሌን ያወቅኋት እንግሊዝኛ በምንማርበት ክፍል ነው። እኔ በባለቤቴ ስፖንሰርነት ወደ ካናዳ ከመምጣቴ በፊት ቤሩት ሰው ቤት ስሠራ ኖሬያለሁ። እሷ የመጣችው ከሰሜን ኢራቅ፣ ከሲንጃር ተራራ ግርጌ ካለ መንደር ነው። ከአምስት ዓመት በፊት አክራሪ ታጣቂዎች መንደሩን ሲይዙ ባሏን ገደሉ፤ እሷንና የሦስት ዓመት ልጇን ናሪንን ለያይተው ወሰዱ። ይህን ያህሉን አውቅ ነበር። ከዚያ አልፌ ጠይቄያት አላውቅም።

ከጉዞው በፊት ባለው ሳምንት ደጄን አንኳኳች።

«ማርታ፣ ልጄ ተገኘች» አለችኝ በዚያችው በተማርናት እንግሊዝኛ። «ሶሪያ ካምፕ ውስጥ ነው ያገኟት። አረብኛ ብቻ ነው የምታወራው። በቪዲዮ ስናገኛት ፊቷን ታዞራለች። አሁን ወረቀቷ አልቆ ማክሰኞ ትገባለች። አብረሽኝ ኤርፖርት ትሄጃለሽ?»

«አንቺ አረብኛ አትናገሪም?»

«አልናገርም።»

«አጎትሽስ? አስተማሪ ነበሩ አላልሽኝም?»

«ማሞ ወንድ ነው። ወንድ በአረብኛ እንዲያናግራት አልፈልግም።»

ሺፍቴን ለጓደኛዬ ሰጥቼ ሁለት ቀን ኦፍ ወሰድኩ።

በዲቪፒ ወደ ሰሜን

መኪናውን የሚነዱት አጎቷ ናቸው። ማሞ ማሞ ስትላቸው እንደኛ አገር የሰው ስም መስሎኝ ነበር፤ ለካ በእነሱ ቋንቋ አጎት ማለት ኖሯል። አገራቸው ታሪክ ያስተምሩ ነበር፤ አሁን ኢቶቢኮ መጋዘን ውስጥ ይሠራሉ። ጉሌ ከኋላ ተቀምጣ ለልጇ የገዛችውን ሐምራዊ ጃኬት አቅፋለች። እኔ ጋቢና ነኝ።

ዲቪፒ የሚሉት ፈጣን መንገድ ተጨናንቆ ቀስ እያልን ስንሄድ ሲከነክነኝ የቆየውን ጠየቅኋቸው። ቤተ ክርስቲያን በጸሎት ቡድናችን አንድ ወንድም፣ የዚዲዎች ክፉውን መንፈስ ያመልካሉ ብሎን ነበር። ስሙን ጠርቼ «ሰይጣን...» ስል ማሞ መሪውን ጨብጠው ፊታቸውን አጨፈገጉ።

«ልጄ፣ ያንን ቃል መኪናዬ ውስጥ አትድገሚው። እኛ ከአፋችን አናወጣውም።»

ደነገጥኩ። ይቅርታ ጠየቅኋቸው። እንደ ክፍል ውስጥ ተረጋግተው ያስረዱኝ ጀመር።

«አምላካችን አንድ ነው። ዓለምን ከነጭ ዕንቁ ሠራ፤ ጥበቃዋን ለሰባት መላእክት ሰጠ። የመላእክቱ አለቃ ታውሲ መለክ ነው፤ በፒኮክ ወፍ ይመሰላል። እግዚአብሔር አዳምን ፈጥሮ ‹ስገዱለት› ሲል ሌሎቹ ሰገዱ። እሱ ግን ‹ከአንተ ሌላ ለማንም እንዳልሰግድ ያዘዝከኝ አንተው ነህ› አለ። ፈተና ነበር፤ አለፈ።»

«እኛ ዘንድ ሳጥናኤል በትዕቢቱ ወደቀ ነው የሚባለው» አልኩ።

«ጎረቤቶቻችንም እንደዚያ ነው የሰሙት። የእኛን አለቃና የእነሱን የወደቀ መልአክ አንድ አደረጓቸው። በዚህ የተነሳ ስንት ጊዜ እንደታረድን ብነግርሽ ኤርፖርት ከመድረሳችን በፊት አልጨርሰውም።»

ሃይማኖታቸው ከየት እንደመጣ ጠየቅኋቸው። ሥሩ ጥንታዊ መሆኑን ነገሩኝ። ድሮ ድሮ የፋርስና የህንድ ሰዎች ሚትራ የሚሉት የብርሃንና የቃል ኪዳን አምላክ ነበራቸው። ስሙን በኋላ የሮም ወታደሮች ወስደው እስከ እንግሊዝ ድረስ በዋሻ መሳይ አዳራሾች አመለኩት፤ በየአዳራሹ ሚትራ በሬ ሲያርድ የሚያሳይ ምስል ነበር፤ ምእመኑም በሰባት ማዕረግ ያልፍ ነበር። የዚዲዎችም በመጸው በዓላቸው፣ ላሊሽ በሚባለው ቅዱስ ሸለቆ፣ ለፀሐይ ክብር በሬ ያርዳሉ። ጠዋትና ማታ ፊታቸውን ወደ ፀሐይ አዙረው ይጸልያሉ። ቀኑ ባጠረበት በታኅሣሥ ሦስት ቀን ጾመው ይፈስካሉ።

«ታዲያ ሚትራን ነው የምታመልኩት?»

«አይደለም። ምሁራኑም አልተስማሙም። አንዳንዱ ቀጥታ ከዚያ የወረደ ነው ይላል፤ ሌላው ሁለቱም ከአንድ ጥንታዊ ምንጭ የቀዱ ናቸው ይላል። በኋላ ደግሞ አንድ ታላቅ ሼክ ወደ ላሊሽ መጥቶ ብዙ ነገር ለውጧል። የገናን ቀን ከሚትራ ወሰዳችሁ የሚሏችሁም አሉ፤ እኔ ያላረጋገጥኩትን አላስተምርም። የእኛ ነገር አብዛኛው በመጽሐፍ አልተጻፈም፤ በዜማ ከአባት ወደ ልጅ ነው የሚተላለፈው። ልጁን ከወሰድክ ሁሉንም ወሰድክ ማለት ነው።»

ጉሌ ከኋላ የጃኬቱን ዚፕ ከፍታ ዘጋች።

የኤርፖርቱ መቀበያ በር

ከበሩ ፊት ለፊት ቆመን ቆየን። ሻንጣ የሚገፋው ሕዝብ ሲሳሳ፣ ስደተኞችን ከሚያመጣው ተቋም የተላከች አጃቢ ሴት አንዲት ቀጭን ልጅ ይዛ ወጣች። ልጅቷ በስምንት ዓመቷ ጥቁር ሻሽ እስከ ቅንድቧ አውርዳለች። ዓይኗ የጉሌ ዓይን ነው፤ የማንም ምርመራ አያስፈልገውም ነበር።

«ናሪን!» አለች ጉሌ።

ልጅቷ ዞር አላለችም። ጉሌ ደግማ ጠርታ እጇን ስትዘረጋ፣ ወደ አጃቢዋ ቀሚስ ተሸጎጠች። እኔ ጎንበስ ብዬ በቤሩት አረብኛዬ ሰላም አልኳት። ቋንቋውን ስትሰማ እጄን እንቅ አድርጋ ያዘችና በጆሮዬ፣ ግን ሁላችንም በምንሰማው ድምፅ እንዲህ አለችኝ፦

«ለእነሱ አትስጪኝ። ሰይጣን አምላኪዎች ናቸው። ያርዱኛል። እናቴ ሞታለች።»

ማሞ ጆሯቸውን ያዙ። አንዲትን ልጅ ከእናቷ መንጠቅ እንዳለ አውቃለሁ፤ ልጅቷ ወገኖቿን በገዳዮቻቸው ስድብ እንድትጠራቸው አድርጎ ማሳደግ ግን በሐሳቤ መጥቶ አያውቅም። ስሟንም ቀይረውታል፤ «ሐፍሳ ነኝ» አለችኝ። አሁን ይህን ሁሉ ለእናቷ በምን አፌ ላስተርጉም?

«ጉሌ፣ ደክሟታል...» ብዬ ጀመርኩ።

«ተዪው፤ አታስተርጉሚ» አለችኝ። ፊቷ እንደ አመድ ሆኗል። ጃኬቱን ለእኔ ሰጠችኝና «አንቺ አልብሻት» አለች። ወደ መኪናው ፊት ፊት ሄደች፤ ልጅቷ እንዳትፈራት በመካከላቸው ሰፊ ርቀት ትታ።

ሀይዌይ 401

አሁን ጉሌ ጋቢና፣ እኔና ልጅቷ ከኋላ። ሚሲሳጋን አልፈን፣ ሚልተን ስንደርስ መጋዘኖቹ አልቀው ሜዳው ተከፈተ። ልጅቷ መስኮቱን ሙጭጭ ብላ ትልልቆቹን ጭነት መኪናዎች ታያለች። ማን እንደሆንኩ ጠየቀችኝ። ሐበሻ ነኝ፣ ክርስቲያን ነኝ አልኳት። ትንሽ አሰበችና «አንቺም ከሃዲ ነሽ ማለት ነው፤ ግን እጅሽ ይሞቃል» አለችኝ።

መንገድ ዳር ካለው ማረፊያ ገብተን ጥብስ ድንችና ሻይ አዘዝን። ማሞ ራቅ ብለው ስለቆሙ «ይምጡ፣ ይቀመጡ» ልላቸው ፈልጌ፣ ከልጅቷ ጋር ስቀይጠው በቆየሁት አረብኛ «ታዒ!» ብዬ ጮህኩ። ልጅቷ ድንቿን እንደያዘች በሳቅ ፈረሰች። ለካ «ነይ» ነበር ያልኳቸው። ቤሩት እመቤቴ ለእኔ የምትለውን እየሰማሁ ነው ቋንቋውን የለመድኩት፤ እስከ ዛሬ ወንዱንም ሴቱንም የማናግረው በሴት ነው። ማሞ ነገሩ ገብቷቸው ቀሚስ እንደለበሰ ሰው ሱሪያቸውን ሰብሰብ አድርገው ተቀመጡ። ጉሌ የልጇን ሳቅ ስትሰማ ፊቷን አዞረች።

የአያትየው ቤት፣ ለንደን

ከሰዓት በኋላ ደረስን። ከበሩ በላይ የእንቁላል ቅርፊትና ቀይ አበባ በጭቃ ተለጥፏል። በዚያ ረቡዕ ታውሲ መለክ ወደ ምድር ወርዶ ዓመቱን ይባርካል ይላሉ፤ ጭቃውም ቤቱ የእነሱ መሆኑን ይነግረዋል። አያትየው ነጭ በነጭ ለብሰው ደጃፍ ላይ ቆመዋል። አልጮኹም፣ አላለቀሱም፤ የልጅቷን ጥላ ብቻ በእጃቸው እንደሚዳስሱ ሆነው መንገድ ለቀቁ።

ገበታው ላይ በሽንኩርት ልጣጭ የተቀቀሉ ቀያይ እንቁላሎች ነበሩ። ልጅቷ አልነካም አለች። «የእነሱ ምግብ ርኩስ ነው።» ዳቦ አልበላም፣ ውሃ አልጠጣም አለች። ልምምጤም አልሠራም።

ፀሐይዋ ማዘቅዘቅ ስትጀምር አያትየው ተነስተው በምዕራቡ መስኮት ቆሙ፤ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አጣምረው፣ ብርሃኑ ፊታቸው ላይ እያረፈ መጸለይ ጀመሩ። ድምፃቸው ለስላሳ ነበር። ልጅቷ ግን የምትፈራው ሁሉ እውን የሆነ መሰላት። «ይኸው! ይኸው!» ብላ ጮኸችና ከእጄ አምልጣ በሩን በርግዳ ወጣች።

ጫማ አላደረገችም። ቤቱ መኪና የሚበዛበት መንገድ ዳር ነው። እኔ ስጠራት ይበልጥ ሮጠች፤ አውቶቡስ ከታጠፈው መንገድ ብቅ አለ። ያኔ ከኋላዬ አንድ ድምፅ በአረብኛ ተሰማ፦

«ሐፍሳ! ቁሚ! ልጄ፣ አንድ እርምጃ እንዳትጨምሪ!»

ልጅቷ መንገዱ ጠርዝ ላይ ደርቃ ቀረች። አውቶቡሱ በነፋስ ሻሿን እያርገበገበ አለፈ። ዞር ብዬ አየሁ። የጮኸችው ጉሌ ናት። እንደኔ የተሰባበረ አረብኛ አይደለም፤ ልጅቷ ያደገችበት አገር አነጋገር፣ ከነለዛው ነው። አትችልም ብዬ ነበር። ማሞም በሩ ላይ አፋቸውን ከፍተው ቀርተዋል።

ጉሌ ቀርባ ከልጇ ፊት ለፊት ሣሩ ላይ ተቀመጠች። አልነካቻትም።

«አረብኛ ታውቂያለሽ?» አለች ልጅቷ።

«አንቺ የነበርሽበት ከተማ ነበርኩ። ሌላ ቋንቋ ብናገር ይመቱኝ ነበር። ስወጣ ዳግም በአፌ አላስገባውም ብዬ ማልኩ።»

«እናቴ ከሆንሽ ለምን ተውሽኝ?»

ይህን ስትጠይቅ ድምጿ የትንሽ ልጅ ሆነ።

«አልተውኩሽም። ትምህርት ቤቱ ግቢ ውስጥ ሰበሰቡን። እጅሽን ይዤ ነበር። አንዱ በዚያ ሳበሽ፣ እኔ በዚህ ሳብኩሽ። እንዳይሰበር ፈራሁና ለቀቅኩት። እጅሽ እንዳይሰበር ብዬ ነው የለቀቅኩሽ።»

ልጅቷ የራሷን ክንድ አየች፤ የትኛው ይሆን ብላ የምትፈልግ ትመስል ነበር። ከዚያ ብርድ ስላንቀጠቀጣት ብቻ ይሁን በሌላ አላውቅም፣ ወደ ጉሌ አንድ እርምጃ ተጠግታ «እግሬን በረደኝ» አለች። ጉሌ ሹራቧን አውልቃ እግሯን ጠቀለለችላት። እኔ የጎረቤት አጥር ተደግፌ አለቀስኩ።

መልስ

ሌሊቱን ልጅቷ ከእኔ ጋር ተኛች። ጠዋት አያትየው ከላሊሽ አፈር ለበረከት የተድቦለቦለች ትንሽ ክብ ነገር ለጉሌ ሰጧት፤ «ራሷ ስትጠይቅ ስጫት፤ ካልጠየቀችም ልጃችን ናት» አሏት ብለው ማሞ ነገሩኝ። ባረኩን፣ ወጣን። ዉድስቶክ አካባቢ ልጅቷ ከጉሌ ቦርሳ አንድ ቀይ እንቁላል አውጥታ ላጠችው። ነጩን በላች፣ አስኳሉን ለእኔ ሰጠችኝ። እስከ ቶሮንቶ ድረስ እናትና ልጅ አልፎ አልፎ በአረብኛ ያወሩ ነበር፤ ስለ መኪናዎቹ፣ ስለ በረዶ፣ ስለ ትምህርት ቤት። የማስተረጉመው ነገር አልነበረኝም።

ክሬሰንት ታውን ስንደርስ ማሞ አውርደውን ወደ ሥራቸው ሄዱ። ሊፍት ውስጥ ልጅቷ ከእኔ ጋር ልትወጣ ትጠይቅ ይሆን ብዬ ፈርቼ ነበር። የእነ ጉሌ ፎቅ ሲደርስ ግን ወረደች። እናቷን በእጅ አልያዘችም፤ ከኋላዋ ጥቂት ራቅ ብላ ተከተለቻት።

በዚያው ሳምንት ጸሎት ቡድናችን ላይ ያ ወንድም ስለ ጉዞዬ ጠየቀኝ። አንዱ አምላክ፣ ሰባቱ መላእክት፣ በመስኮት የምትገባው ፀሐይ፣ የሰማሁትንና ያየሁትን ነገርኩት። እምነታቸውን አልተቀበልኩም፤ እነሱም ተቀበዪ አላሉኝም፤ ከእነሱ ያልተወለደ አይገባበትም። ግን ያንን ቃል ከአንዲት ልጅ አፍ፣ በገዛ እናቷ ላይ ሲወረወር ሰምቼዋለሁ። ከእንግዲህ በየትኛውም ሕዝብ ላይ ሲባል ዝም ብዬ እንደማልሰማ ነገርኩት። የቀረበው ሻይ ቀዘቀዘ፤ ማንም አልጠጣም።