የአክስቴ ባል ሥራ

የአክስቴ ባል ክሮኤሺያዊ ነበሩ። በወጣትነታቸው፣ አገራቸው ሳሉ፣ ለፊልም ድርሰት ይጽፉ ነበር፤ ፍራንክፈርት ግን የምታውቃቸው በወንዝ ወደቡ በኦስትሃፈን የመጋዘን ሠራተኝነታቸው ነው።

ከሻንጣ መሸጫ ሱቄ ጥግ ተቀምጠው ደንበኛ ሳግባባ ያዳምጡና፣ ከአክስቴ በለመዱት አማርኛ፣ «ልጄ፣ ንግግርህን አሳጥር፤ ሴትየዋ ሻንጣውን ከወደደችው ቆየች» ይሉኝ ነበር።

«ጋሼ፣ ለመሆኑ የእርስዎን ፊልም ማን አየው?»

«ማንም አላየውም። ግን አጭር ነበር።»

አሁን ወንበራቸው ባዶ ነው፤ እኔም የሚያስቆመኝ አጥቼ እለፈልፋለሁ።

የመቃብር ድንጋይ ጠራቢው ከስማቸው ሥር ሥራቸውን ምን ብሎ እንደሚጽፍ ሲጠይቀን፣ ልጃቸው «ሬንትነር ይበቃል» አለ። ጡረተኛ ማለቱ ነው፤ ጡረታ መውጣት ግን ሥራ አይደለም። መጋዘኑም እንጀራቸው እንጂ ሥራቸው አልነበረም። «የፊልም ደራሲ» ብዬ አስቀርጫለሁ፤ ያልጣመው መሮ ይዞ ይምጣ።