ወረቀቱን እርገጪው

ተማሪ ሳለሁ አሜሪካ፣ ኦክላንድ ውስጥ ከአንዲት ፖላንዳዊት አሮጊት ቤት ፎቅ ላይ አንድ ክፍል ተከራይቼ ነበር። አከራዬ በወጣትነታቸው መላው ዋርሶ የሚያውቃቸው የመድረክ ተዋናይት ነበሩ፤ ፊልምም ሠርተዋል። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ከተማውን ሲያነደው ፊልሞቹም አብረው ነደዱ። በመድረክ ላይ ሁልጊዜ አብሯቸው የሚጫወተው ባላቸውም በዚያው ጠፋ፤ መቃብር እንኳ የለውም። አሜሪካ መጥተው ሎስ አንጀለስ ሥራ ቢጠይቁ፣ እንግሊዝኛዎ ይከብዳል ተብለው ቃል የማትተነፍስ የቤት ሠራተኛ ሆነው እንዲጫወቱ ተደረገ። ትሪ ይዞ መግባት፣ ትሪ ይዞ መውጣት። ተናደው ወደ ኦክላንድ መጡና መሃል ከተማ ባርኔጣ ሲሸጡ ኖረው ጡረታ ወጡ። ሞት አይቀርም ስም አይቀበርም እንላለን፤ የእሳቸው ስም ግን በቁማቸው ተቀብሮ ነበር። በሠፈሩ ተዋናይት እንደነበሩ የሚያውቅ ከእኔ በቀር ማንም አልነበረም።

አንድ ክረምት በአቅራቢያችን ባለችው በሳን ሆዜ የሚኖሩ፣ ከዋርሶ የሚያስታውሷቸው ፖላንዳውያን በቤተ ክርስቲያን አዳራሻቸው አንድ ቲያትር እንዲያሳዩ ለመኗቸው። እሳቸውም ከባላቸው ጋር ለመጨረሻ ጊዜ የተጫወቱትን መረጡ፤ ባልና ሚስት ገበታ ላይ ተቀምጠው የሚያወሩበትን አጭር ቲያትር። ባልየውን ማን ይጫወት ሲሏቸው፣ ማንም አይጫወተውም አሉ። ባዶ ወንበር ይቀመጥ።

ሳሎን ውስጥ ሲለማመዱ እኔ ደረጃው ላይ መጽሐፌን ይዤ እቀመጣለሁ። ይናገራሉ፣ ዝም ብለው ወንበሩን ያዳምጣሉ፣ ይስቃሉ ወይም ይቆጣሉ፣ እንደገና ይናገራሉ። ከፖላንድኛው አንድ ቃል አልገባኝም፤ ዝምታዎቹን ግን በቃሌ አጠናኋቸው። አጭሩን፣ ረጅሙን፣ የሚያስቃቸውን። እሳቸው አፋቸውን ሳይከፍቱ ሰውየው ተናግሮ መጨረሱን አውቅ ጀመር። እውነቱን ለመናገር ፈራሁ። በወንበሩ ፊት ሳልፍ፣ ሰው እንዳለበት ሁሉ፣ ሳላስበው ጎንበስ እል ነበር።

ትርኢቱ ሊደርስ ጥቂት ቀን ሲቀረው የቲያትሩን ድርሰት ከጠረጴዛ አንስቼ ላቀብላቸው ስል ከእጄ አመለጠና ወለሉ ላይ ተበተነ። ሰበሰብኩት፤ ቄሱ አባቴ እንዳስተማረኝም ሳም አድርጌ ግንባሬን አስነካሁት። ሴትዮዋ ጮኹ።

«ምን አደረግሽ! እርገጪው!»

«ምኑን፣ ማዳም?»

«ድርሰት ከወደቀ የጣለው ሰው ረግጦ ነው የሚያነሳው። አለዚያ ሚናው ከተዋናዩ ይሸሻል። የእኛ ቲያትር ቤት ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነው። መልሰሽ አስቀምጪና እርገጪው፣ እለምንሻለሁ።»

«እኔ ፊደል አልረግጥም! ከፈለጉ ክፍሉን ልልቀቅ።»

ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም አልኩ በልቤ። እሳቸው ወረቀቱን ከእጄ ነጥቀው ወለሉ ላይ አኖሩና ራሳቸው ሊረግጡት እግራቸውን አነሱ፤ ግን ተዉት። «የጣልኩት እኔ አይደለሁም» አሉ። ሁለት እልኸኛ በአንድ ጣሪያ ሥር ተኮራረፍን። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልምምዱ መሃል ላይ ይቆም ጀመር። አንድ ጠዋት ወጥ ቤት ውስጥ፣ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዙረው፣ «አይመልስልኝም» አሉኝ። ማን እንደሆነ አልጠየቅኳቸውም።

የትርኢቱ እሑድ ደርሶ ሳን ሆዜ አዳራሹ ስንገባ የፊት ወንበር ላይ ተቀመጥኩ፤ እሳቸውም ድርሰቱን ጭኔ ላይ አስቀምጠውልኝ ወደ መድረኩ ሄዱ። አዳራሹን የሞሉት ካፖርታቸውን ያላወለቁ ሽማግሌዎች ነበሩ፤ አንዳንዶቹ ገና ሲያዩዋቸው ማልቀስ ጀመሩ። ከሠላሳ ዓመት በኋላ የሚያውቃቸው ሰው ፊት ቆሙ። አጀማመራቸው ልብ ይነካል። ድምፃቸው ያ የቤታችን ድምፅ አልነበረም።

የሚያስቃቸው ዝምታ ደረሰ። ልኩን አውቀዋለሁ። አለቀ፤ አልሳቁም። ወንበሩን አዩት፤ ደግመው አዩት። ሕዝቡ ትወና መስሎት በጸጥታ ይጠብቃል። እኔ ግን ጣቶቻቸው የገበታውን ጨርቅ ጠርዝ ጨምድደው ሲይዙ አየሁ። ይህቺ ሴት ዛሬ በሰው ፊት ለሁለተኛ ጊዜ ልትቀበር ነው ብዬ አሰብኩ። ንዴቴም እልሄም የት እንደገባ አላውቅም።

ድርሰቱን ከጭኔ ለቀቅኩት። አባቴን በልቤ ይቅር በለኝ አልኩና በጫማዬ ረገጥኩት። የእንጨቱ ወለል ጮኸ።

ወደ እኔ አልዞሩም። ጆሯቸውን ወደ ወንበሩ ዘንበል አደረጉ፣ ጥቂት አዳመጡ፣ ከዚያም ሳቁ። እስከ መጨረሻው አንድም ቦታ አልተደናቀፉም። ሽማግሌዎቹ ቆመው ሲያጨበጭቡ እኔ ጎንበስ ብዬ ወረቀቱን አነሳሁና ሳምኩት።

ወደ ኦክላንድ የተመለስነው በአውቶቡስ ነበር። እሳቸው መስኮቱ ጋ ተቀመጡ። እኔ ከጎናቸው ያለውን ወንበር ባዶውን ትቼ፣ ሳልጠየቅ፣ ከኋላ ተቀመጥኩ። ብዙ ከሄድን በኋላ ሳይዞሩ፣ «ሰማሽው?» አሉኝ።

«ሰማሁት፣ ማዳም» አልኳቸው።

ፖላንድኛ እስከ ዛሬ አላውቅም። ግን አልዋሸኋቸውም።