ዘንበል ያለው የላምባ ፍሪጅ

ባለፈው ሰሞን ቤት ስንቀይር፣ ተሸካሚዎቹ ፍሪጁን ወጥ ቤት እንዳቆሙት በሳህን ውሃ ሞልቼ አናቱ ላይ አስቀመጥሁ። «እትዬ፣ ይሄ እኮ የኤሌክትሪክ ነው» ብለው ሳቁብኝ። አልፈርድባቸውም፤ አባቴን አያውቁትም።

አባባ ከሐረር ተመድቦ ቢቸና የመጣ፣ ድሬሰር የሚሉት የሕክምና ረዳት ነበር፤ የአገሩ ሰው ግን «ዶክተር» እያለ ሹመቱን ራሱ ሰጥቶታል። በዚያ በንጉሡ ዘመን መብራት በሌለው ክሊኒኩ ጥግ ላይ፣ ከሥሩ የላምባ ኩራዝ የሚነድበት ነጭ ፍሪጅ ቆሞ ነበር። ከታች እሳት ነዶ ከላይ ይቀዘቅዛል ሲባል የሚያምን ስላልነበረ፣ ሊታከሙ የመጡ መሪጌታ እንኳ ሕመማቸውን ረስተው ኩራዙን ጎንበስ ብለው ሲመረምሩ ይቆዩና አማትበው ይወጡ ነበር።

ክረምቱ ሊወጣ ሲል የጎረቤታችንን የእትዬ የሺን ልጅ ይታይሽን እብድ ውሻ ነከሳት። መርፌው በዚያ ጭቃ ከደብረ ማርቆስ በስንት መከራ መጣ። በየቀኑ ሆዷ ላይ የሚወጋ፣ ከሞቀ የሚበላሽ መድኃኒት ነው፤ ከተበላሸ ደግሞ ሌላ እስኪመጣ በሽታው አይጠብቃትም። እትዬ የሺ ውለታውን በምን እንደሚመልሱ ሲጨነቁ ከርመው፣ አንድ ጠዋት አባባ ለሥራ ገጠር ወጥቶ ሳለ ሴቶቹን አስተባብረው ለዘመን መለወጫ ብለው የክሊኒኩን ወለል አፈር ደልድለው በእበት ለቀለቁለት። ፍሪጁንም ተጋግዘው አነሡና እንደ ታቦት ተጠንቅቀው መለሱት።

አባባ ከሰዓት በኋላ ሲመለስ ወለሉ አምሯል፣ ኩራዙም ይነዳል። እጁን ፍሪጁ ውስጥ ሲያስገባ ግን ለብ ማለት ጀምሯል። ፊቱ ሲለዋወጥ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው። እናቴ ብልቃጦቹን ማሰሮ ውስጥ ከታ፣ ማሰሮውን የምንጭ ውሃ በያዘ ጋን ውስጥ አስቀመጠችው። እትዬ የሺ «ወይኔ ልጄን! በገዛ እጄ!» ብለው እርጥቡ ወለል ላይ ቁጭ አሉ።

አባባ ሳይቆጣ አጠገባቸው ተቀመጠ። «እትዬ የሺ፣ አረቄ ያወጡ የለም?» አላቸው።

ያወጣሉ እንጂ፤ የእርሳቸውን አረቄ የማያውቅ ቢቸና ውስጥ አልነበረም። እንግዲህ ይህም የእርስዎ ሙያ ነው አላቸው። በቧንቧው ውስጥ ውሃና አሞኒያ የሚባል ነገር ተዋህደው አሉ፤ እሳቱ አሞኒያውን እንደ አረቄ እንፋሎት ከውሃው ለይቶ ወደ ላይ ያወጣዋል፤ ከፍሪጁ ጀርባ ሙቀቱን ለነፋስ ሰጥቶ ጠብ ጠብ ይላል፤ ወደ ሣጥኑ ወርዶ እንደገና ሲተን የመድኃኒቱን ሙቀት ይዞ ይሄዳል፤ ከዚያ ውሃው መልሶ ይጠጣውና ወደ እሳቱ ይመለሳሉ። ሞተር የለው፣ የሚገፋው የለ፤ እሳቱ አንዴ ወደ ላይ ካወጣው በኋላ መንገዱ ሁሉ በራሱ ቁልቁለት ነው። ፍሪጁ ዘንበል ካለ ፈሳሹ አንድ ቦታ ይተኛና እሳቱ በከንቱ ይነዳል።

እትዬ የሺ የአረቄ ሸምበቆ ሲዛባ የሚሆነውን ያውቁታልና ዘለው ተነሡ። አባባ ሳህን ሙሉ ውሃ አናቱ ላይ አስቀመጠ፤ ውሃው ወደ በሩ በኩል ሊፈስ ደረሰ። አንደኛው እግር አዲሱ አፈር ውስጥ ሰምጦ ነበር። አባባ ሲያነሣ፣ እርሳቸው በደረታቸው ተኝተው ጠጠር ያስገባሉ፤ እኔ ሳህኑን እያየሁ ለአባባ እመልስለታለሁ።

«ቀና አለ?»

«ገና ነው።»

«አሁንሳ?»

«አሁን ቀና አለ።»

በነጋታው ጠዋት የፍሪጁን የውስጥ ግድግዳ አመዳይ ለብሶ አገኘነው። ይታይሽ መርፌዋን ተወግታ አገር ይያዝልኝ ስትል፣ ልጃቸው ስታለቅስ እልል ያሉ እናት ያየሁት እትዬ የሺን ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያ ወደ ገበያ ሲያልፉ ሁሉ ጎራ ብለው ውሃ የሞላ ሳህን ፍሪጁ ላይ ሳያስቀምጡ አይሄዱም ነበር። አባባ ወደ ሞጣ ተዛውሮ የተሸኘን ቀን እንኳ፣ ሰዉ ሁሉ መኪናው ሥር ሲላቀስ እርሳቸውን ያገኘናቸው ክሊኒኩ ውስጥ ነው፤ «ማን ያቃናዋል እንግዲህ?» ይላሉ፣ ዓይናቸው ሳህኑ ላይ ነው።

አባባ ሲያርፍ ይታይሽ የልጆች እናት ሆና ከቢቸና ድረስ ለቅሶ መጣች። ከድንኳኑ መካከል ቆማ «እኔንም ያቆመኝ ያ ጠጠር ነው» እያለች ስታለቅስ፣ ነገሩን የምናውቀው እናቴና እኔ ብቻ ነበርን። ዛሬ እናቴም የለች። እትዬ የሺም ቀድመው አልፈዋል።

ተሸካሚዎቹ ሒሳባቸውን ተቀብለው ሲወጡ ሳህኑን ጎንበስ ብዬ አየሁት። ውሃው ከዳር እስከ ዳር እኩል ነው። «ቀና አለ?» ብሎ የሚጠይቀኝ አጥቼ ቆሜ ቀረሁ።