ዳኛቸው ያላስነሳት መኪና

በዚህ በሰው አገር፣ ፌርፋክስ መንገድ ላይ፣ አዲስ መኪና የገዛ ሐበሻ፣ እስካለፈው ዓመት ድረስ፣ በቀጥታ ወደ ቤቱ አይሄድም ነበር። መጀመሪያ ዳኛቸው ጋ ይመጣል። ቅዳሜና እሑድ ዳኛቸው ከእትዬ ሽታዬ ምግብ ቤት ደጃፍ አይጠፋም። ባለ መኪናው ሞተሩን ያጠፋና ቁልፉን ያስረክበዋል። ዳኛቸው አማትቦ ይገባል፣ ቁመታም ስለሆነ ወንበሩን ወደ ኋላ ይገፋል፣ ያስነሳታል፣ በዊትዎርዝ ታጥፎ በኦሎምፒክ ዞሮ ይመልሳታል። ከዚያ ድፎ ዳቦው ይቆረሳል። ከመሸጫው ግቢ እስከ ፌርፋክስ ማን ነዳት ብላችሁ አትጠይቁኝ፤ ዳኛቸው እስኪያስነሳት ድረስ እንዳልተነዳች ነበር የምንቆጥረው።

እግሩ ርጥብ ነው፣ እጁም ገድ አለው እንል ነበር። እሱ ያስነሳት መኪና አትጋጭም፣ አትሰረቅም፣ ሰው መንገድ ላይ አታስቀርም። የታክሲ ጓደኛችን ብርሃኑ ዳኛቸው ያስነሳለትን ካርዴል የምትባል መኪና ሦስት መቶ ሺህ ማይል ነድቷታል፤ ሞተሯ አንድ ቀን አልተከፈተም። ስዩም ደግሞ "ይሄ ኋላ ቀርነት ነው" ብሎ ዳኛቸውን ሳያስነካ የገዛትን መኪና በሳምንቷ ከአውቶቡስ ጋር አላተማት። ከዚያ በኋላ ማን ይከራከራል?

እኔ ግሩም እባላለሁ። ሃያ ሁለት ዓመት ሰው ከኤርፖርት አመላልሻለሁ፤ ሦስት መኪና ገዝቼ ሦስቱንም ያስነሳልኝ እሱ ነው። ይህን የምጽፈው ስለ ዳኛቸው የሚወራውን መስማት ስላንገፈገፈኝ ነው። የሚያወሩትም ዳቦውን አብረው የበሉት ናቸው።

ዳኛቸው ጋርዴና ባለ አንድ የካርዴል መሸጫ ውስጥ፣ በመለዋወጫ ክፍሉ ባንኮኒ ላይ፣ ሃያ ስድስት ዓመት ቆሟል። እኛ ካርዴል ራሱን የቻለ ኩባንያ ይመስለን ነበር። አይደለም። ሃልደን ግሩፕ የሚባል ትልቅ ድርጅት ዘጠኝ የመኪና ስሞች አሉት። ካርዴል አንዱ ነው፣ እንደ እኛ ላለው ለፍቶ አዳሪ። ኦርሊስ ሌላው ነው፣ ለሐኪምና ለጠበቃ። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር ነው ይባል የለ? ዳኛቸው ግን እነዚህን ወንድማማቾች በልብሳቸው ሳይሆን በሆድ ዕቃቸው ነበር የሚያውቃቸው። አንድ ቀን ሁለት የውሃ ፓምፕ ባንኮኒው ላይ ጎን ለጎን አስቀመጠልኝ፤ አንዱ ከካርዴል ካርቶን የወጣ፣ ሌላው ብርማ ከሆነው የኦርሊስ ካርቶን። ገልብጦ ከሥራቸው የተቀረጸውን ቁጥር አሳየኝ። አንድ ነው።

"ልዩነቱ ካርቶኑ ነው" አለኝ። "ሰው ሦስት እጥፍ የሚከፍለው ለካርቶኑ ነው።"

ኦርሊስ ገዝቶ የተበላሸበት ሐበሻ ሲመጣ ዳኛቸው የካርዴሉን ቁጥር በጆሮው ሹክ ይለው ነበር። አለቆቹ ቢሰሙ ያባርሩት ነበር። እሱ ግን ወገኑን ለካርቶን ሲያስከፍል ማደር አይሆንለትም።

ልጅ የለውም። የእህቱን ልጅ ኤልሳቤጥን ግን እናቷ ስትሞት፣ በአሥራ አንድ ዓመቷ፣ ወረቀቷን ጨርሶ አስመጥቶ እንደ ልጅ አሳደጋት። ኮሌጅ ስትገባ ያገለገለች ካርዴል ገዛላትና ራሱ አስነስቶ ሰጣት። ጎበዝ ናት፣ ይህን አልነፍጋትም። ተመርቃ ቶራንስ ባለው የሃልደን ግሩፕ ቢሮ ተቀጠረች። ዳኛቸው ባንኮኒ ላይ፣ እሷ ፎቅ ላይ፣ አንድ ቤት ውስጥ! ያን ሰሞን የሚያገኘውን ሰው ሁሉ ማኪያቶ ሲጋብዝ ከረመ።

አንድ ዓርብ ሦስታችን እትዬ ሽታዬ ጋ በያይነቱ ቀርቦልን "አንቺ ግን እዚያ ፎቅ ላይ ምንድን ነው የምትሠሪው?" አልኳት።

"ኦኬ፣ ይሄን ትሪ እየው ጋሼ ግሩም" አለች። "ከሥር ያለው እንጀራ አንድ ነው። እሱ ሞተሩ ነው፣ ሻንሲው ነው። ከላይ ያለው ወጥ ብራንዱ ነው። ሶ፣ የኔ ሥራ ወጦቹ እንዳይደባለቁ ማኔጅ ማድረግ ነው። ካርዴል በጣም ካማረ ኦርሊስን ማን ይገዛል?"

"ካርዴል የትኛው ነው?" አለ ዳኛቸው።

"ሽሮው።"

"በይ ሽሮ ካለ ቤቱ አይራብም" ብሎ ሳቀ።

"ከወጦቹ አንዱ ሳይበላ ቢቀርስ?" አልኩ እኔ።

"ይነሳል" አለችኝ፣ ጎመኑን እየጠቀለለች። በጊዜው ሁላችንም ሳቅን።

ባለፈው ዓመት የካቲት ላይ ከድርጅቱ ሁለት ሰዎች ዳኛቸውን አነጋገሩት። ለሐበሻው የካርዴል ማስታወቂያ ሊሠሩ ነው፤ ፎቶውን ፈለጉ። ከሥሩ የሚጻፈውን አማርኛም ይዘው መጥተዋል፦ "ዳኛቸው ካለ፣ አለ።" ይህ የኛ የፌርፋክስ አነጋገር ነው፤ እሱ ያለው ያለቀ ነገር ነው ማለታችን ነው። ማን እንደነገራቸው ያኔ አልጠየቅንም።

ዳኛቸው ወዲያው እሺ አላለም። ፊት ማዋስ ቀላል ነገር አይደለም። ኤልሳቤጥን እኔ ባለሁበት፣ በዚያው ጠረጴዛ ላይ ጠየቃት።

"ኤልሲ፣ ሽሮዋ ደህና ናት?"

ስልኳን እያየች "ደህና ናት ጋሼ" አለች።

"እውነቱን ንገሪኝ። ሰው የሚገዛው በኔ ቃል ነው። የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ ይባላል።"

"አይ ኖው ጋሼ። ደህና ናት አልኩህ እኮ።"

ፎቶውን ተነሣ። ክራባት ያሰርኩለት እኔ ነኝ። ከመጋቢት እስከ ሐምሌ አሥራ አራት ሰው ካርዴል ገዛ። አንድ ቅዳሜ ሦስት መኪና በተከታታይ አስነሣና እትዬ ሽታዬ "ዛሬስ ዳቦ ቤት ልከፍት ነው" ብላ አሳቀችን። አሥራ አራተኛው እኔ ነበርኩ። የኔዋ ነጭ ነበረች።

ሰኔ ላይ ኤልሳቤጥ መኪና ቀየረች። ኦርሊስ፣ ጥቁር፣ የምታብለጨልጭ። እኛ ጋ አላመጣቻትም። ኦሎምፒክ ላይ ፓርክ አድርጋት ድንገት ነው ያየኋት፤ ደሜ ፈላ። አሳዳጊዋ የሰፈሩን መኪና ሁሉ ሲያስነሣ የሷ ታልፈው? በግስላ ፍጥነት ሄጄ ለዳኛቸው ነገርኩት።

"ተዋት" አለኝ። "ከትልልቅ ሰዎች ጋር ነው የምትውለው። መንገድ ዳር ዳቦ መቁረስ አሳፍሯት ይሆናል።" ይህን ሲል ግን ፊቱ ጠቁሮ ነበር። የናቀችው መስሎታል። እኔም ኩራት ነው ብዬ ደመደምኩ። ሁለት ሽማግሌዎች ቁጭ ብለን፣ ካርዴልን ለምን ተወቻት ብለን አንድ ጊዜ እንኳን አልጠየቅንም። እዚያች መኪና ውስጥ ብታስቀምጠው መጀመሪያ የሚጠይቃት ይህንኑ ነበር፤ የሸሸችው ከዚያ ጥያቄ ነው።

ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም። እንቁጣጣሽን ባከበርን በአምስተኛው ቀን ሃልደን ግሩፕ ካርዴልን መሥራት እንዳቆመ አስታወቀ። ዘጠኙ ስም በዝቷል፣ ስምንት ይበቃል። ጥገና የፈለገ በቀጠሮ ኦርሊስ ጋራዥ ይሂድ። የአሥራ አራታችን መኪና በአንድ ሌሊት ገዢ የሌላት ሆነች። ዳኛቸው ወሬውን የሰማው እንደ ማንኛችንም ከስልኩ ላይ ነው። ሃያ ስድስት ዓመት የቆመለት ቤት አንድ ሰው ልኮ እንኳን አልነገረውም። ከሁሉ የከፋው ከዚያ ቀጥሎ ጋዜጣ ላይ የወጣው ነው፦ ውሳኔው ያለፈው ታኅሣሥ ያለቀ፣ ግቢው ውስጥ ያሉት መኪኖች ተሸጠው እስኪያልቁ ድረስ በምስጢር የተያዘ ነበር። ታኅሣሥ፣ ጥር፣ የካቲት ብዬ በጣቴ ቆጠርኩ። ፎቶውን ሲያነሡት ካርዴል ከሞተች ሁለት ወር አልፏት ነበር። በዳኛቸው ፊት ሬሳ ሸጡልን።

በዚያው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ኤልሳቤጥ መጣች። ጥቁሯን ኦርሊስ ከምግብ ቤቱ ፊት አቆመች፣ ሞተሩን አጠፋች። በአንድ እጇ ቁልፍ፣ በአንድ እጇ ድፎ ዳቦ ይዛለች። እግዜር ያሳያችሁ፣ ዳቦ!

"አስነሣልኝ ጋሼ" አለች።

ዳኛቸው ቁልፉን አልተቀበላትም። "ታውቂ ነበር?" አላት።

"ምስጢር ላላወጣ ፈርሜያለሁ ጋሼ። ብናገር ፋየር ያደርጉኛል፣ ይከሱኛል።"

"ማን ተናገሪ አለሽ? ስጠይቅሽ ራስሽን ብትነቀንቂ ማን ይከስሽ ነበር?"

ቁልፉን ጨበጠችና እንዲህ አለች፦ "ስምህን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ። 'ዳኛቸው ካለ፣ አለ' የሚለውንም። ያኔ አላወቅኩም፣ ስዌር። ሳውቅ ደግሞ መመለሻው ጠፋኝ።"

ሰው ሁሉ ከምግብ ቤቱ ወጥቶ ቆሟል። ዳኛቸው ተነሣ፣ የመኪናዋን ኮፈን ከፈተ፣ መነጽሩን አደረገና እጁን ወደ ውስጥ ሰደደ። "ነይ እይ" አላት። የውሃ ፓምፑን ቁጥር በጣቱ አሳያት፤ እኔ ቀድሞ የማውቀው ያው ቁጥር ነው።

"ይቺ ካርዴል ናት" አላት። "ስሟን ነው የቀየሩት፣ ውስጧ ያው ነው። ያንቺ ስም ግን እናትሽ ያወጣችው ነው። አንቺን ውስጥሽን ነው የቀየሩት።"

ኮፈኑን ቀስ አድርጎ ዘጋውና ተመልሶ ተቀመጠ። ኤልሳቤጥ ዳቦውን ጠረጴዛው ላይ ትታ እያለቀሰች ሄደች። ማንም አልቆረሰውም። አዘንኩላት ብል ውሸት ይሆናል፤ ያን ቀን አላዘንኩላትም።

ይህ ሁሉ ሕዝብ ፊት ነው የሆነው። ቢሆንም ወሬው ለመነሣት ሳምንት አልፈጀበትም። ስንት ከፈሉት ይሉ ጀመር። ከእህቱ ልጅ ጋር ተማክሮ ነው ይሉ ጀመር። ጋርዴና ያለው ባንኮኒ ወደ ኦርሊስ ተዛውሮ ዳኛቸውን አዲስ ብርማ ካፖርት ሲያለብሱት ደግሞ "ይኸው!" አሉ። ለምን እዚያው ሥራ ላይ እንደቀረ ግን እኔ ጠይቄዋለሁ። "እኔ ከወጣሁ ለአሥራ አራቱ ሰው ዕቃ ማን ይፈልጋል? ለካርቶኑ ሊያስከፍሏችሁ ነው እኮ" ነበር መልሱ። ይህን ለሰው ስናገር አዎ አዎ ይሉና ዓይናቸውን ያሸሻሉ።

ኅዳር ላይ እትዬ ሽታዬ የሌላ ድርጅት መኪና ገዛች። ከኋላ በር አስገብታ አቆመቻት። ሃያ ዓመት ደጃፏ ላይ የተቀመጠውን ሰው አስነሣልኝ አላለችውም። "ገደ ቢስ ሆነ እኮ፣ ምን ላድርግ" አለችኝ በሹክሹክታ። ተቆጣሁ። "ሰው አይደለሽም" አልኳት፣ ሽሮዋንም ለአንድ ወር አልበላሁም። ከሷ በኋላ ብርሃኑ ገዛ፤ ያ ሦስት መቶ ሺህ ማይል የነዳው ብርሃኑ። እሱም ዝም ብሎ ወደ ቤቱ ነዳት። ያመኑት ፈረስ ይጥላል በደንደስ ይባላል፤ ዳኛቸውን ስንት ፈረስ እንደጣለው ቁጠሩት።

ባለፈው ቅዳሜ ደጃፉ ላይ አገኘሁት። ብቻውን ነበር። ሰላም ተባባልን፣ ስለ ጉልበቱ ሕመም ነገረኝ።

"መኪናህስ?" አለኝ፣ መንገዱን ቀኝና ግራ እያየ።

"ሰርቪስ ገብታለች" አልኩት።

በዚህ ከተማ ሰርቪስ ለምትገባ ካርዴል ሁሉ ዕቃው በሱ ባንኮኒ ነው የሚያልፈው። ይህን ከአፌ ካወጣሁ በኋላ ነው ያስታወስኩት። ዳኛቸው ግን አልተቆጣም። ጠረጴዛው ላይ የተበተነውን የዳቦ ፍርፋሪ በመዳፉ ጠረገ።

"ቀለሟ ምን ዓይነት ነው?" አለኝ።

"ግራጫ" አልኩት።

"ግራጫ ደግ ነው፣ ቆሻሻ አያሳይም" አለ። ደግሞም "እኔ ባልነካት ይሻላታል" አለኝ።

አዲሷ መኪናዬን ከዊትዎርዝ ማዶ፣ እሱ በማያያት መንገድ ላይ ነበር ያቆምኳት። ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ነው። ላወጣለት እጄን ሰደድኩ፣ ቁልፉንም ነካሁት፤ ያወጣሁት ግን ስልኬን ነው። ሰዓት አየሁበትና ተሰናበትኩት።